እዚያ ስንዴ የሚታጨደው መቼ ነው?

ስለ ሩሲያ ጦር ያነበብኩት ለማርክ ብዬ ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ከዚያ ቀን ወዲህ ገሚሱ ሰው «ቀድማ ያወቀች»፣ ገሚሱ ደግሞ «ሟርተኛ» ሲለኝ ስለሰማሁ ነው። ሁለቱንም አይደለሁም። አሰላ የምማር የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነኝ፤ ፊት ወንበር የምቀመጥ፣ የቤት ሥራ ከቀኑ በፊት የማስረክብ፣ መምህር «ጎበዝ» ካለኝ ሳምንቱን ሙሉ ደስ ብሎኝ የምሰነብት ዓይነት። የዶርም ልጆች «ወይዘሪት ማርክ» ይሉኛል። ስሜ ሜሮን ነው።

ቤተሰቦቼ ሳጉሬ ናቸው። አባቴ ከጎጃም ተመድቦ የመጣ መምህር ነበር፤ ልጅ ሳለሁ አረፈ። እናቴ ወይዘሮ አስካለ ጤና ጣቢያ ካርድ ክፍል ትሠራለች። ከእኔ በላይ አንድ ወንድም አለኝ፣ ብሩክ። የብሩክ ሕይወት ኮምባይነር ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ የአርሲ ስንዴ ሲደርስ ከማሽኑ ላይ አይወርድም ነበር። በዚህ ዓመት ግን የማሽኑ ባለቤት መሪውን ለእህቱ ልጅ ሰጠበትና በመኸር ወቅት ቤት ዋለ። ስደውልለት ከጀርባው የኮምባይነር ድምፅ ከሩቅ ይሰማኛል። እሱ ስለ ድምፁ ምንም አይልም፤ እኔም አልጠይቀውም።

በታኅሣሥ መጀመሪያ ለአንድ ኮርስ የቡድን ሥራ ተሰጠን። እያንዳንዱ ቡድን አንድ አገር ይዞ፣ ያ አገር ጦሩን ለጦርነት እንዴት ሲያደራጅ እንደኖረ ማቅረብ ነበረበት። ለእኛ ሩሲያ ደረሰችን። የቡድኔ ልጆች «ሜሮን ትሠራዋለች» ብለው ሄዱ፤ ሠራሁት። በትልቅ ወረቀት ላይ ሠንጠረዥ አወጣሁ። ከላይ ንጉሡ፣ ቀጥሎ ጄኔራሎቹ፣ ከዚያ ክፍለ ጦር፣ ብርጌድ፣ ሻለቃ፣ ሻምበል፣ መቶ፣ እስከ ጓድ ድረስ። በአብዮታቸው ዘመን ከአዛዡ ጎን የፖለቲካ ኮሚሳር እንደተቀመጠ፣ ያንን አሠራር በደርግ ጊዜ የእኛም ጦር እንደቀዳው በቀይ ጻፍኩ። ሳጥኖቹን በማስመሪያ ነው የሠራኋቸው።

አቅርቤ ስጨርስ መምህራችን ወረቀቱን ትንሽ ተመለከተና «ጥሩ ነው» አለ። «ማን እንደሚያዝ አሳይተሽናል። እዚህ ታች ያለው ሰው ግን ማነው? ከየት ነው የሚያመጡት? ከሁሉም ፊት የሚያቆሙትስ ማንን ነው?»

ፊቴ ሲግል ይታወቀኛል። «ለሚቀጥለው ሳምንት አመጣዋለሁ» አልኩ፤ ሳምንቱንም ቤተ መጻሕፍት ከረምኩ።

ያገኘሁት ይህን ነው። በድሮ ጊዜ ንጉሣቸው ከየመንደሩ ሰው አዋጡ ሲል መንደሩ ራሱ ተሰብስቦ ይመርጥ ነበር። የሚመርጠውም መሬት የሌለውን፣ አስቸጋሪ የተባለውን፣ ጠያቂ የሌለውን ነው። አገልግሎቱ መጀመሪያ ዕድሜ ልክ ነበር፤ በኋላ ሃያ አምስት ዓመት ሆነ። ስለዚህ ልጁ ሲወጣ ቤተሰቡ እንደ መንገደኛ አይሸኘውም፤ እንደ ሞተ ሰው ሙሾ ያወርድለታል። ዘመን ሲለወጥ የሳጥኖቹ ስም ተለወጠ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተቀጡ ወታደሮችን በተለየ ሻለቃ አደራጅተው አደጋው ወደበዛበት ይልኩ ነበር፤ ከኋላ ደግሞ የሚሸሸውን የሚይዝ፣ የሚተኩስም ሌላ ጦር ይቆማል። በቅርቡ ጦርነት እስረኞች መጡ። ቀጥሎ ሥራ እናስገባችኋለን እየተባሉ ከሩቅ አገር የተወሰዱ ልጆች።

ስንቅ እንዴት እንደሚያደራጁ ስፈልግ አንድ ሌላ ነገር አነበብኩ። ጭቃቸው መድፍ ስለሚውጥ ጦር የሚያንቀሳቅሱት መሬቱ ሲደርቅ ወይም በብርድ ድንጋይ ሲሆን ነው። እህላቸው የሚደርሰው ደግሞ በእኛ ክረምት ነው። የስንዴ አገር ልጅ ነኝና ገረመኝ። እኛ በሐምሌ ጭቃ ውስጥ ስንዘራ እነሱ ያጭዳሉ።

ዓርብ ዕለት እማዬ ደወለች።

«ነገ ነዪ። ወንድምሽን ልንሸኝ ነው።»

«የት ሊሄድ?»

«ውጭ አገር! ስትመጪ እሱ ይንገርሽ፤ ደስታውን አልቀማውም።» እናቴ በስልክ እንዲህ ስትስቅ ከሰማሁ ብዙ ጊዜ ሆኖኛል።

ቅዳሜ እኩለ ቀን ሳጉሬ ደረስኩ። በመንገዱ ግራና ቀኝ ኮምባይነሮች የገለባ አቧራ ያቦናሉ። ቤታችን በጎረቤት ተሞልቷል። በአባቴ ወንበር ላይ አንድ የማላውቀው ሰው ተቀምጧል፤ ቆዳ ጃኬት የለበሰ፣ ሁለት ስልክ ጠረጴዛው ላይ የደረደረ። ደረጀ ይባላል፤ ድሮ አቦምሳ የከብት ደላላ ነበር፣ አሁን አዲስ አበባ ሆኖ «ሰው ይልካል»። ከጎኑ ሁሴን አለ፤ የሲሬ ልጅ ነው፣ በየመኸሩ ከወንድሜ ጋር ማሽን ላይ የሚሠራ፣ ሲስቅ ቤት የሚያናጋ።

«ፕሮፌሰሯ መጣችልን!» አለ ብሩክ፤ አቅፎ ከመሬት አነሳኝ። «ገምቺ የት እንደምሄድ።»

«ዱባይ?»

«ሩሲያ!»

ሳቅኩ። ስለ ቡድን ሥራው ነግሬው ስለነበር የሚቀልድብኝ መስሎኝ ነው። እሱ ግን አልሳቀም።

«ሩሲያ ማለት» አለ ደረጀ እያኘከ፣ «አርሲ ማለት ነው። ዓይንሽ እስከሚደርስ ስንዴ። ማሽን ሞልቷል፣ ነጂ የለም፤ ወንዱ ጦር ሜዳ ነው። አሁን መኸር ላይ ስለሆኑ ነው እንዲህ የሚያጣድፉን። ነገ ካልወጣን አዝመራው ያመልጠናል።»

ቤቱ ሙሉ ጭንቅላቱን ነቀነቀ። ለምን አይነቀንቅ? ታኅሣሥ ነው። በመስኮቱ በኩል ኮምባይነር እየጮኸ ነው። ስንዴ በታኅሣሥ እንደሚታጨድ ሳጉሬ ውስጥ ሕፃን ልጅም ያውቃል።

ብዙ ሰው ፊት መናገር አልወድም። ትልቅ ሰው መቃወምማ ጭራሽ አላውቅበትም። ግን አፌ ቀደመኝ።

«ይቅርታ ጋሽ ደረጀ፣ እዚያ አሁን በረዶ ነው።»

«ምን አለች?»

«አሁን ክረምታቸው ነው። መሬቱ በረዶ ነው። ስንዴ የሚያጭዱት በእኛ ሐምሌ ነው። እርስዎ የሚሉት መኸር የቱ ነው?»

የደረጀ መንጋጋ ቆመ። ከዚያ ፈገግ አለ። «አገሩ እኮ ሰፊ ነው፣ የእኔ እህት። በደቡብ በኩል ሞቃት ነው።»

«በደቡብ በኩል ጦርነቱ ነው ያለው።»

«ሜሮን!» አለ ብሩክ።

«አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ። ወንድሜ ምን ዓይነት ማሽን መንዳት እንደሚችል ጠይቀውታል? ባለ ጎማ ነው? ባለ ሰንሰለት?»

ደረጀ ወደ ስልኮቹ ጎንበስ አለ። ብሩክ ስለ እሱ መለሰ። «ጤናዬን ጠይቆኛል፤ ቁመቴን፣ የጫማ ቁጥሬን፣ የደም ዓይነቴን። ሥርዓት ያለው አገር እንዲህ ነው።»

«ብሩኬ፣ ይሄ የኮምባይነር ነጂ ጥያቄ አይደለም። የወታደር ነው።»

አንዲት ጎረቤታችን «በስመ አብ! በሽኝት ቀን?» ስትል ሰማሁ። ሁሴን ነገሩን ለማብረድ «ኦቦሌቲ» አለኝ፣ በኦሮምኛ እህቴ ማለቱ ነው፣ «ወታደር ቢሉንስ? በኮምባይነር ነው የምንማርካቸው!» ጥቂት ሰዎች ሳቁ።

ብሩክ አልሳቀም። ክንዴን ይዞ ወደ በረንዳ አወጣኝ፤ አያያዙ ያማል። «ዩኒቨርሲቲ ገባሽ፣ እሺ። እኔ አልገባሁም፣ እሺ። አሁን ለእኔ አንድ በር ሲከፈት ልትዘጊው ነው? ቅናት ነው ይሄ።»

«አንብቤ ነው የምነግርህ—»

«ወረቀት ነው ያነበብሽው! አንቺ እዚያ ወረቀት ስታነቢ እኔ እዚህ የሰው ማሽን ድምፅ ስሰማ ነው የምውለው። ሁለተኛ አፍሽን እንዳትከፍቺ። ሟርተኛ!»

ያኔ ነው ይህ ቃል መጀመሪያ የተሰጠኝ፤ በገዛ ወንድሜ።

እንግዶቹ ወዲያው ተበተኑ፤ ጨዋታው ጠፍቶ ነበር። ወደ ማታ ግድም፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ፣ እማዬን ከጓሮ ዕቃ ስታጥብ አገኘኋት። ትቆጣኛለች ብዬ ነበር።

«የደም ዓይነት ምን ያደርግለታል?» አለች ቀና ሳትል። «ለኮምባይነር።»

«ምንም።»

«ጤና ጣቢያ ስንት ዘመኔ ነው? የደም ዓይነት የሚጠየቀው ደም ይፈሳል ተብሎ ሲታሰብ ነው።» ሰሐኑን አስቀመጠች። «ያነበብሽውን ንገሪኝ። ሁሉንም።»

ነገርኳት። ስለ ሻለቃና ብርጌድ ስነግራት አልሰማችኝም። ስለ መንደሮቹ ስነግራት ግን እጇን ከውኃው አወጣች።

«ልጁ ሳይሞት ያለቅሱለታል?»

«አዎ። ከወጣ እንደማይመለስ ስለሚያውቁ።»

«ካለቀሱለት በኋላስ፣ ይተዉላቸዋል?»

«አይተዉም እማዬ። ልቅሶው ለማስቀረት አልነበረም።»

እጇን በቀሚሷ ጠረገች። «እነሱ ንጉሥ ነበረባቸው» አለች። «በእኔ ላይ ያለው አንድ የከብት ደላላ ነው።» ሰሐኖቹን ደራርባ ወደ ቤት ገባች።

እሑድ ጠዋት ብሩክ ሻንጣውን ይዞ ወጣ። እናቴ ቤት አልነበረችም፤ ቤተ ክርስቲያን ሄዳለች ተብሎ ጠበቃት፣ ደረጀ አጣደፈው፣ ሳትመርቀው ሄደ። ከኋላው ተከተልኩ። እንዳይመልሰኝ ራቅ ብዬ ነው የሄድኩት። መናኸሪያ የአሰላ ሚኒባስ ልትሞላ አንድ ሁለት ሰው ቀርቷታል። ሁሴን መስኮት ጋ ተቀምጧል፣ ብሩክ ከጎኑ፣ ደረጀ ጋቢና ከሹፌሩ አጠገብ።

በቤተ ክርስቲያኑ መንገድ እማዬ መጣች። ጥቁር ቀሚሷን ለብሳለች። ነጠላዋን ዘቅዝቃዋለች፤ ጥለቱ ደረቷ ላይ ነው። አባቴ የሞተ ቀን እንዲያ ለብሳ አይቻታለሁ፤ ከዚያ በኋላ ግን አላየሁም። ሚኒባሷ ፊት ደረሰች፣ ቆመች፣ ደረቷን መታች።

«ልጄን! ብሩኬን!»

የእኛ አገር ሰው ለቅሶ ሲያይ መጀመሪያ ያለቅሳል፤ ማን እንደሞተ የሚጠይቀው በኋላ ነው። ከቅዳሴ የሚመለሱት ሴቶች እናቴን ሲያዩ እዚያው ነጠላቸውን ዘቅዝቀው ከበቧት። የእድራችን ሴቶች ናቸው፤ ዋይታው መናኸሪያውን ሞላው። ማዳበሪያ የሚጭኑት ሰዎች ቆባቸውን አወለቁ። እናቴ በመሀላቸው አወረደችው፦

«ስንዴ ደርሷል ብለው ከበረዶ አገር፣
ልጄ ሆነ ነዶው ታጭዶ የማይከመር።»

አንዲት አሮጊት እያነባች ጠየቀቻት። «አስኩዬ፣ ማን ነው የሞተው?»

«ብሩክ።»

«ምነው! የት?»

እናቴ ጣቷን ዘረጋች። «ያውና፣ ሚኒባሱ ውስጥ ተቀምጧል።»

ለቅሶው ተቆረጠ። ሁሉም ዞሮ ብሩክን አየ። ፊቱ እንደዚያ ሲሆን አይቼ አላውቅም። ደረጀ በሩን በርግዶ ወረደ።

«እናታችን፣ ጤናም የለዎት እንዴ? ልጅዎ ሊሠራ ነው የሚሄደው!»

እስከዚያ ቀን ድረስ እማዬ «እርስዎ» ስትለው ነበር። «አንተ ዝም በል!» አለችው። «የጫማ ቁጥሩን ከምትጠይቅ እንደለመድከው ጥርሱን ገልጠህ አታየውም ነበር? ማንን ነው የምትነዳው? ማረጃው የት እንደሆነ እዚህ ሰው ፊት ተናገር!»

«ሹፌር፣ ንዳው!» ብሎ ጮኸ ደረጀ።

ሹፌሩ ግን ሞተሩን አጠፋ። በመስታወቱ ብሩክን እያየ «ወንድሜ፣ ውረድልኝ» አለው። «የወለደችው እናት ሙሾ ያወረደችለትን ሰው ጭኜ መንገድ አልወጣም። ሌሎቹም ነፍስ አላቸው።»

«የከፈልኩበት ወንበር ነው!» አለ ብሩክ።

«ውረድ አልኩህ!» ተሳፋሪዎቹም ተንጫጩ። አንዱ ሻንጣውን በመስኮት ወረወረው። ወንድሜን ከሩሲያ ያስቀረው የእኔ ንባብ አልነበረም፤ የሹፌር ፍርሃት ነው።

ብሩክ ወርዶ እናቴ ፊት ቆመ። የሚመታት መስሎኝ ሮጥኩ።

«በቁሜ ቀበርሽኝ» አላት።

«አዎ፣ እዚሁ አገርህ ላይ ቀበርኩህ» አለች። «እዚያ ብትሞት ማን ይቀብርሃል?»

ወደ እኔ ዞረ። «አንቺ ደግሞ ከዛሬ ጀምሮ እህቴ አይደለሽም።» በሰው መሀል ሰንጥቆ ሄደ። ሻንጣውንም አላነሳውም።

ሁሴን ከመስኮቱ አንገቱን አውጥቶ «አዴ አስካለ» አለ፤ «አዴ» በኦሮምኛ እናት ማለት ነው፣ እንደ አገሩ ወግ እንዲያ ነው የሚጠራት። «ለእኔ የሚያለቅስ የለም እንዴ?» ሊያስቅ ነበር የፈለገው።

«ውረድ ልጄ» አለችው፤ ድምፅዋ አልቆ ነበር። «እናትህ ታውቃለች?»

«ስደርስ እደውልላታለሁ። ኢንሻአላህ ለብሩክ ኮምባይነር ገዝቼለት እመጣለሁ።»

እኔም በሩን ይዤ ለመንኩት። ደረጀ ጣቶቼን ከበሩ ላይ አንድ በአንድ አላቀቃቸው፣ ዘጋው። ሚኒባሷ ሄደች።

ከዚያ በኋላ የመጣው ደስታ እንዳይመስላችሁ። እድሩ ተሰብስቦ እናቴን ወቀሳት፤ በሕይወት ላለ ሰው የእድር ሴቶችን ማስለቀስ ነውር ነው፣ ሟርት ነው ተባለች። ገበያ ላይ ሰላምታ የነፈጓት አሉ። «ልጇ እንዳያልፍለት ያደረገች» ይሏታል። ብሩክ ቤቱን ጥሎ አሰላ መጣ፤ ከዶርሜ ወደ ከተማ በሚወስደው መንገድ ላይ አንድ ጎሚስታ ቤት ጎማ ይለጥፋል። በየቀኑ በፊቱ አልፋለሁ። «ደህና ዋልክ» እላለሁ። ቀና አይልም። አንድ ጊዜ ምሳ አስቀመጥኩለት፤ ለውሻ ሰጠው፣ እያየሁት።

የሁሴን ፎቶ በጥር ስልኬ ላይ መጣ። በረዶ ውስጥ ቆሟል፣ የወታደር ልብስ ለብሷል፣ ጫማው ሰፍቶታል። «ማሽኑን ገና አላሳዩንም» ብሎ የሚስቅ ምልክት አድርጎበታል። ከፋሲካ በኋላ ስልኩ አልሠራ አለ። ደረጀም ቁጥሩን ቀየረ።

በግንቦት የግቢው ጥበቃ አስጠራኝ። በሩ ላይ የሁሴን እናት አዴ ፋጡማ ቆመዋል፤ ከሲሬ ድረስ ነው የመጡት።

«ስለነሱ ጦር ያነበብሽው አንቺ ነሽ አሉኝ» አሉ። «ልጄ በየትኛው ክፍል ነው ያለው? አለቃው ማነው? ማንን ነው የምጠይቀው?»

አንገቴን ደፋሁ። ከጓድ እስከ ክፍለ ጦር፣ ከንጉሡ እስከ ኮሚሳሩ፣ ሁሉንም በቃሌ አውቀዋለሁ። ለዚያ ወረቀት ከክፍሉ ከፍተኛውን ማርክ አግኝቻለሁ። ግን በማስመሪያ ከሠራኋቸው ሳጥኖች ውስጥ አንዲት እናት የምትጠይቅበት ሳጥን አልነበረም። «አላውቅም እናቴ» አልኳቸው። አልተቆጡኝም። «እናትሽ ለልጇ ስታለቅስ ለእኔም ልጅ ብታለቅስለት ምን ነበረበት?» ብለው ሄዱ። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

ይህን የምታነቡ፣ ምክር ለመስጠት ገና ልጅ ነኝ። ግን ሩቅ አገር ያለ ትልቅ ጦር ሠንጠረዡን ሲዘረጋ ከታች ያለችውን ሳጥን የሚሞላው በማን እንደሆነ አይቻለሁ። በድሮ ዘመን መንደሩ ይሰበሰብና ጠያቂ የሌለውን ይመርጥ ነበር። ዛሬ መንደር መሰብሰብ አያስፈልግም፤ የሚፈለገው ሥራ የፈታ ልጅና አንድ ደላላ ነው። ደላላው ደግሞ የምትናፍቁትን ነገር ያውቃል። ለእኛ ስንዴ አለን፤ ለእናንተ ሌላ ይላችኋል። የምሥራቹን ይዞ ቤታችሁ ሲመጣ እልልታው ሳይቀድም ጠይቁት። እንግዳ አስቀየማችሁ ቢባልም፣ ሟርተኛ ቢሏችሁም ጠይቁት። ደስ ለማሰኘት የምኖር ልጅ ነበርኩ፤ አሁን ወንድሜ እየጠላኝም ቢሆን ጎማ ሲለጥፍ ማየት ይበቃኛል። በቃኝ ማለት ግን አያመኝም ማለት አይደለም።

ባለፈው ሳምንት፣ ሐምሌ ገብቶ ዝናቡ የዶርሙን ቆርቆሮ ሲደበድበው፣ ስልኬ ጠራ። የብሩክ ቁጥር ነው። ከዚያ እሑድ ወዲህ ደውሎልኝ አያውቅም።

«ሄሎ? ብሩኬ?»

በእሱም በኩል ዝናብ ቆርቆሮ ይመታል።

«እዚያ ስንዴ የሚታጨደው መቼ ነው ያልሽው?»

«አሁን» አልኩት። «በሐምሌ።»

ሲተነፍስ ይሰማኛል። ሰላምታ አልነበረውም፣ ስሜንም አልጠራም።

«ሁሴን ዛሬም አልደወለም» አለና ዘጋው።